በሚኒ ኮንሶል ላይ ጌም የመጨመር ጥያቄ

እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 2016 ኒንቴንዶ መዳፍ ላይ የምትቀመጥ ግራጫ ሳጥን ለገበያ አቀረበ። በ1980ዎቹ በብዙ ሚሊዮን ቤቶች ቴሌቪዥን ሥር ተቀምጦ የነበረውን የኤንኢኤስ ኮንሶል ቁርጥ ትመስላለች፤ የሚጎድላት ካሴት መክተቻ ነው። ከፊቷ ያለው ክዳን ለመልክ የተቀረጸ እንጂ የሚከፈት አይደለም። በውስጧ 30 ጌሞች ተጭነዋል። ኢንተርኔት የላትም፤ ተጨማሪ ጌም የሚገዛላት መደብርም የለም። 60 ዶላር ገደማ ከፍሎ የገዛት ሰው 30ውን ተጫውቶ ሲጨርስ፣ ያንኑ 30 መልሶ ከመጫወት በቀር ሌላ መንገድ አልተተወለትም። ሦስት ወር ሳይሞላ፣ በጃንዋሪ 2017፣ ሀክቺ የሚባል ነፃ ሶፍትዌር ወጣና ኮምፒውተርና የዩኤስቢ ገመድ ያለው ሁሉ የራሱን ጌም እንዲጨምርባት አስቻለ። ከዚያ ወዲህ አዲስ ሚኒ ኮንሶል በወጣ ቁጥር ያው ጥያቄ አብሮ ይነሳል፦ የገዙትን ሳጥን ከፍቶ ጌም መጨመር መብት ነው ወይስ ሌብነት?

ክርክሩ መቋጫ ያጣው ሁለት የተለያዩ ጉዳዮች በአንድ ስም ስለሚጠሩ ይመስለኛል። አንዱ ሳጥኑን መክፈት ነው፤ ሌላው ጌሙን ማምጣት። ሳጥኑ የገዢው ነው፤ ከፍቶ እንደፈቀደው ቢያሰናዳው የሚጎዳው ሰው የለም። ጌሙ ግን ሠሪና ባለመብት አለው፤ ከየት መጣ ተብሎ ይጠየቃል። ሁለቱ እንዲህ የተደበላለቁት ደግሞ በተጠቃሚው ጥፋት ብቻ አይደለም። ብዙዎቹ አምራቾች ጌም በሕጋዊ መንገድ የሚጨመርበት በር ሳያበጁ ሳጥኑን ስለዘጉት፣ በመብቱ የሚጠቀመውም ሌባውም በአንድ ቀዳዳ እንዲገቡ ሆነ። የዚህ ዳሰሳ ሙግት ይህ ነው፤ ማስረጃውን ከማሽኖቹ ሆድ፣ ከፍርድ ቤቶች ውሳኔና ከገበያው እየወሰድኩ አሳያለሁ።

በመጀመሪያ ነገር፣ 30 የሚለው ቁጥር ከየት መጣ? ከማሽኗ አቅም እንዳልመጣ ውስጧን ማየት ይበቃል። ኦልዊነር አር16 የተባለ ባለ አራት ኮር ፕሮሰሰር፣ 256 ሜጋባይት ራምና 512 ሜጋባይት ማከማቻ አላት፤ የምትሠራውም በሊኑክስ ነው። ጌሞቹን በዚህ እንለካቸው። ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ ከነሙዚቃው፣ ከነሥዕሉ፣ ከነ32 ደረጃዎቹ 40 ኪሎባይት ነው፤ ዛሬ በስልክ ከምናነሳው አንድ ፎቶ ብዙ እጥፍ ያንሳል። በሳጥኗ ውስጥ ካሉት ትልቁ ከርቢስ አድቬንቸር 768 ኪሎባይት ነው። ሠላሳዎቹ ሁሉ የከርቢን ያህል ቢከብዱ እንኳ ድምራቸው 23 ሜጋባይት ገደማ ነው፤ ከማከማቻው ከሃያ እጅ አንድ እጅ አይሞላም። ሊኑክሱና የድሮውን ማሽን የሚያስመስለው ፕሮግራም (ኢሙሌተሩ) የሚይዙት ቦታ ተቀንሶም ለብዙ መቶ ጌሞች የሚበቃ ይተርፋል። በሴፕቴምበር 2017 የሱፐር ኤንኢኤስ ሚኒ ስትወጣ ደግሞ የፈቷት ሰዎች ያገኙት ያንኑ ቺፕ፣ ያንኑ የማከማቻ መጠን ነው፤ የተለወጠው ቅርፊቷ እንጂ ሆዷ አይደለም። እሷ ግን የያዘችው 21 ጌም ነው። ስለዚህ ቁጥሩን የወሰኑት የባለመብቶች ፈቃድ፣ የዋጋ ስሌትና የመራጮች ምርጫ ናቸው። በዚህ አምራቹን አልነቅፍም፤ ምርጫ ግን በገዢው እጅ ከገባ በኋላ የማይነካ የተፈጥሮ ወሰን አይሆንም።

አሁን አጨማመሩን ቀረብ ብለን እንየው፤ ብዙ ሰው «ሰበሩት» የሚለውን ቃል ሲሰማ መዶሻና ብየዳ ይታየዋልና። ማሽኗን በዩኤስቢ ገመድ ከኮምፒውተር ጋር ያገናኛሉ፤ የሪሴት ቁልፏን ተጭነው እንደያዙ የማብሪያውን ቁልፍ ይጫናሉ። ቴሌቪዥኑ ላይ ምንም አይታይም። ኮምፒውተሩ ግን አዲስ መሣሪያ እንደተሰካ ያውቃል። ይህ ኤፍኢኤል የሚባለው የቺፑ ሁናቴ ነው፤ ጠላፊዎች የፈለሰፉት ሳይሆን ሶፍትዌር እንዲጫንበትና ሲበላሽ እንዲመለስበት ተብሎ ከቺፑ ጋር የተሠራ በር ነው። ሀክቺ በዚህ በር ሲገባ መጀመሪያ የሚያደርገው የሊኑክሱን እምብርት፣ ዋናውን ከርነል፣ ወደ ኮምፒውተሩ ቀድቶ ማስቀመጥ ነው፤ የተሻሻለውን የሚጽፈው ከዚያ በኋላ ነው። ቅጂው እስካለ ድረስ ሁሉን ነቅሎ ማሽኗን ከፋብሪካ እንደወጣች ማድረግ ይቻላል። ከዚያ በኋላ የሚጨመር እያንዳንዱ ጌም የራሱ አቃፊ ይኖረዋል። በአቃፊው ውስጥ የጌሙ ፋይል፣ የሽፋኑ ሥዕልና አንድ አጭር የጽሑፍ ፋይል ይቀመጣሉ፤ ጽሑፉ የጌሙን ስም፣ የወጣበትን ቀን፣ ለስንት ሰው እንደሆነና በየትኛው ትእዛዝ እንደሚነሳ ይናገራል። ቀኑን በስህተት የሞላ ሰው፣ ሜኑውን በዘመን ቅደም ተከተል ሲደረድር የ1985ቱ ጌም ከ1993ቱ ኋላ ተሰልፎ ያገኘዋል። በጥንቃቄ ከሞላው ግን የተጨመረው ጌም ከነባሮቹ መሀል ገብቶ ይቀመጣል፤ ለእያንዳንዱ ጌም የተሰጡት አራት የማስቀመጫ ቦታዎችም ይሠሩለታል። የቤተ መጻሕፍት ሠራተኛ ካርድ ሲሞላ የሚያደርገው ጥንቃቄ ነው ይህ።

ማሽኗን የሠሩት መሐንዲሶች ራሳቸው ሰው ወደ ውስጧ እንደሚገባ ያውቁ እንደነበር የሚያሳይ አንድ ነገር አለ። በፕሮግራሙ ውስጥ፣ ተራ ተጫዋች በማያየው ቦታ፣ ራሱን የሃናፉዳ ካፒቴን ብሎ የጠራ ሰው አጭር መልእክት ትቷል፤ ብዙ ድካምና እንባ የፈሰሰበት ሥራ ነውና ገብታችሁ ስታዩ ቤቱን በንጽሕና ያዙልን፣ ሁሉን አትስበሩብን የሚል ይዘት ያለው ነው። ሃናፉዳ ኒንቴንዶ በ1889 ሲመሠረት ያመርተው የነበረው የጃፓን የመጫወቻ ካርታ ነው። ይህ ሕጋዊ ፈቃድ ነው አልልም። ነገር ግን የእጅ ሥራውን የሚወድ ባለሙያ ለሚቀጥለው ባለሙያ የሚተወው ዓይነት ቃል ነው፤ ውስጡን ገልጦ የሚያየውን ሁሉ በጠላትነት የሚቆጥር ሰው እንዲህ አይጽፍም።

የሶኒው ፕሌይስቴሽን ክላሲክ ጉዳዩን በሌላ ጎኑ ያሳያል። በዲሴምበር 3 ቀን 2018፣ ዋናው ፕሌይስቴሽን ጃፓን ውስጥ መሸጥ በጀመረ በ24ኛ ዓመቱ፣ 20 ጌሞች ይዞ በ100 ዶላር ገደማ ወጣ። በምዕራቡ ገበያ ከቀረቡት 20 ጌሞች 9ኙ የአውሮፓ ቅጂዎች ነበሩ። በዚያ ዘመን የአውሮፓ ቴሌቪዥን ሥዕሉን በሰከንድ 50 ጊዜ፣ የአሜሪካና የጃፓኑ 60 ጊዜ ያድስ ስለነበር፣ ቴከን 3ን የመሰለ በቅጽበት የሚፈረድ የድብድብ ጌም በአውሮፓ ቅጂው ሲቀርብ ይጎተታል። ገዢዎች ይህን ወዲያው አዩ፤ ዋጋው ወሩ ሳያልቅ ወደ 60 ዶላር ወረደ። ማሽኑ ደግሞ የተከፈተው ገና ትኩስ እያለ ነው፤ አንዳንድ የዩኤስቢ ኪቦርድ ሰክቶ የኢስኬፕ (Esc) ቁልፉን የተጫነ ሰው የተደበቀው የኢሙሌተሩ ሜኑ ብቅ አለለት። በሳምንታት ውስጥም ጌሞችን ከፍላሽ ላይ የሚያስነሱ ሶፍትዌሮች ተሠሩ፤ የማሽኑ ሆድ ሳይነካ ፍላሹን መሰካት በቂ ሆነ። እዚህ ላይ ጌም መጨመር ስስት አልነበረም፤ ጥገና ነበር። የዘገየውን ቅጂ በትክክለኛው መተካት፣ የሚንተባተበውን ማስተካከል። ከሁሉም የሚደንቀው ደግሞ ሶኒ ለዚህ ማሽን የተጠቀመበት ኢሙሌተር ፒሲኤስኤክስ ሪአርምድ የተባለው፣ በበጎ ፈቃደኛ ፕሮግራመሮች የተሠራ ክፍት ሶፍትዌር መሆኑ ነው። ኩባንያው በሕጉ መሠረት የወሰደው ስለሆነ አልወቅሰውም። ይሁን እንጂ ማሽኑ የቆመበትን ምሰሶ ያቆሙት ሰዎች ማሽኑን ሲነኩ ጠላፊ ሊባሉ አይገባም።

ሕጉ ምን ይላል? አብዛኛው ክርክር በተካሄደባት በአሜሪካ ፍርድ ቤቶች የሳጥኑን መክፈት የሚደግፍ መስመር ረጅም ነው። በ1992 ኒንቴንዶ ጌም ጂኒ የተባለውን፣ በካሴትና በኮንሶል መካከል ገብቶ ጌሙን የሚቀይር መሣሪያ በፍርድ ቤት ለማሳገድ ሞክሮ ተረታ፤ ሰው በቤቱ የገዛውን ጌም አጨዋወት ቢለውጥ የመብት ጥሰት አይደለም ተባለ። በዚያው ዓመት ሴጋ በአኮሌድ ላይ ባቀረበው ክስ፣ ከማሽን ጋር የሚስማማ ጌም ለመሥራት ሲባል የማሽኑን ፕሮግራም ፈትቶ ማጥናት ተገቢ አጠቃቀም ነው ተብሎ ተወሰነ። በ2000 ደግሞ ሶኒ ኢሙሌተር በሠራው በኮኔክቲክስ ላይ ያቀረበው ክስ በተመሳሳይ መንገድ ወደቀ። የኮምፒውተር ፕሮግራም ቅጂ ባለቤት ለመጠባበቂያ አንድ ቅጂ እንዲያስቀምጥ የሚፈቅድ አንቀጽም በቅጂ መብት ሕጉ ውስጥ አለ። በሌላ ወገን በ1998 የወጣው ሕግ ዲጂታል ቁልፍ ማለፍን ይከለክላል፤ በ2012 ለጌም ኮንሶሎች ከዚህ ክልከላ ነፃ እንዲደረግ የቀረበው ጥያቄ ውድቅ ተደርጓል። እንግዲህ የመክፈቱ ጉዳይ በፍርድ ቤት መንፈስ የተደገፈ፣ በአንድ ሕግ ግን የተጠረጠረ ሆኖ ቆሟል። የጌሙን ፋይል ያለ ፈቃድ ከኢንተርኔት ማውረድን በተመለከተ ግን ብዥታ የለም። በ2018 ኒንቴንዶ በከሰሳቸው የጌም ፋይል ማከፋፈያ ድረ ገጾች ባለቤቶች ላይ ከ12 ሚሊዮን ዶላር በላይ ተፈርዷል። በኢትዮጵያም የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምን እንደ መጽሐፍና እንደ ሙዚቃ የአእምሮ ሥራ አድርጎ ይጠብቃል።

እዚህ ላይ የሚነሳው የመጀመሪያው ተቃውሞ «የሚሸጠው ከሌለ ከማን ልግዛ?» የሚል ነው፤ ክብደት አለው። የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን በጁላይ 2023 ባወጣው ጥናት፣ ከ2010 በፊት አሜሪካ ውስጥ ከወጡት ጌሞች 87 በመቶው ዛሬ በየትኛውም መደብር በአዲስነት አይሸጡም። ይሸጡ የነበሩትም በራቸው እየተዘጋ ነው፤ የኒንቴንዶ ዊ ኮንሶል የኢንተርኔት መደብር በጃንዋሪ 2019፣ የዊ ዩና የስሪዲኤስ ኮንሶሎቹ መደብሮች በማርች 2023 ሽያጭ አቁመዋል። በእነዚያ መደብሮች የቆየ ጌም በጥቂት ዶላር ይገዛ ነበር፤ አሁን ኒንቴንዶ የሚያቀርበው በዓመት ክፍያ የሚከራይ ስብስብ ነው፤ ክፍያው ሲቆም ጌሙም ይቆማል። ይህን ሁሉ ስቀበል ግን ተቃውሞው ሊያስኬደን የሚፈልገውን ያህል አልሄድም። ገበያ ላይ የሌለ ጌም ያለ ፈቃድ መቅዳት ጉዳቱ ትንሽ ነው ማለት ይቻላል፤ ገበያ ላይ ያለውን፣ አምስት ዶላር ሊከፈልበት የሚቻለውን መውሰድ ግን በ87 በመቶው ጥላ ሥር መደበቅ ነው። ደግሞም ንጹሕ ምንጭ የለም ማለት ትክክል አይደለም። የድሮ ካሴቶቹን ያላስወገደ ሰው በማንበቢያ መሣሪያ የራሱን ካሴት ወደ ፋይል መለወጥ ይችላል። ዛሬም ለእነዚያ የቆዩ ማሽኖች አዲስ ጌም የሚጽፉ ሰዎች አሉ፤ በ2019 የወጣው ማይክሮ ሜጅስ አራት ሰው በአንድ ጊዜ የሚጫወተው ሲሆን በዚያችው በሱፐር ማሪዮ 40 ኪሎባይት ውስጥ ተጠቅጥቆ የተሠራ ነው። ለሴጋ ሜጋ ድራይቭ የተሠራው ዜኖ ክራይሲስም አለ። ሁለቱም ከሠሪዎቻቸው በፋይል መልክ ይሸጣሉ፤ ገዝቶ ሚኒ ኮንሶል ላይ መጫን ማንንም የማይበድል፣ እንዲያውም የሚያበረታታ ሥራ ነው።

ሁለተኛው ተቃውሞ ከአምራቾች ወገን ይመጣል፦ ሳጥኑ ከተከፈተ ገበያው ይሞታል። ገበያው ግን ይህን አላለም። ሀክቺ በጃንዋሪ 2017 ከወጣ በኋላ የኤንኢኤስ ሚኒ አከፋፈት በቪዲዮ ሳይቀር ተተንትኖ ለማንም የሚገኝ ነበር። በኤፕሪል 2017 ኒንቴንዶ 2.3 ሚሊዮን ከሸጠ በኋላ ምርቱን አቆመ፤ ያቆመው ፈላጊ ጠፍቶ አልነበረም፤ ሱቆች ባዶ ሆነው ሰው ገዝተው ከሚያተርፉ ሰዎች በእጥፍ ዋጋ ይገዛ ነበር። በጁን 2018 መጨረሻ ተመልሳ ስትወጣ በዚያ ወር በአሜሪካ በብዛት የተሸጠችው ኮንሶል እሷ ሆነች፤ ከፕሌይስቴሽን 4 እና ከራሱ ከኒንቴንዶ ስዊች በልጣ። የሱፐር ኤንኢኤሷም በወጣች በሳምንታት ተከፍታ ሳለ፣ የሁለቱ ድምር ሽያጭ በ2018 ከ10 ሚሊዮን አለፈ። እንዲያውም ብዙ ሰው የገዛት ሊከፍታት አስቦ ነው የሚል ግምት አለኝ።

ሦስተኛው ተቃውሞ ከሁሉም የጠነከረ ነው፤ የሚያነሱትም ጌሙን የሚወዱ ሰዎች ናቸው። ሚኒ ኮንሶል የተመረጠ ስብስብ ነው፤ ውበቱም ማነሱ ነው ይላሉ። ሱፐር ኤንኢኤስ ሚኒ ላይ ያለውን ስታር ፎክስ 2 እንውሰድ። በ1990ዎቹ አጋማሽ ተሠርቶ ካለቀ በኋላ የተሰረዘና በ2017 በዚህች ሳጥን ለመጀመሪያ ጊዜ በይፋ የወጣ ጌም ነው፤ የሚከፈተውም ተጫዋቹ የመጀመሪያውን ስታር ፎክስ አንደኛ ደረጃ ካለፈ በኋላ ነው። አቀራረቡን ያሰበ ሰው አለ፤ ታላቅየውን ሳታይ ታናሽየውን አታገኝም። አሁን በዚያችው ሳጥን ላይ የሱፐር ኤንኢኤስ ጌሞችን በጅምላ ደፍቶ የጫነን ሰው እናስብ። ሜኑው ማለቂያ የለውም። አንዱን ከፍቶ ሁለት ደቂቃ ተጫውቶ ይወጣል፣ ሌላውን ይከፍታል፣ ይወጣል፤ የድሮ ጌም ደግሞ ትዕግሥት ይጠይቃል፤ አሥር ጊዜ ሞተው በአሥራ አንደኛው የሚያልፉት ነገር ነው። አንድ ሺህ ጌም ያለው ሰው አሥራ አንደኛው ጊዜ ላይ አይደርስም። በዚህ እስማማለሁ፤ በሙሉ ልቤ።

ግን ይህ ተቃውሞ የሚያስተምረው አለመጨመርን ሳይሆን መምረጥን ነው። የፋብሪካው ምርጫ ራሱ አንድ አልነበረም። የጃፓኗ የፋሚኮም ሚኒና የምዕራቧ የኤንኢኤስ ሚኒ እያንዳንዳቸው 30 ጌም ይዘው 22ቱ ብቻ የጋራ ነበሩ፤ ስምንቱ እንደ አገሩ ተለውጠዋል። በ2018 ደግሞ ኒንቴንዶ ራሱ ያችኑ የፋሚኮም ሚኒ ሳጥን ወርቃማ ቀለም ቀብቶ፣ ከአንድ ታዋቂ የጃፓን የማንጋ መጽሔት ጋር የተያያዙ 20 ጌሞችን ጭኖ ሸጠ። ስምንቱን ጌም ለቶኪዮ ተጫዋች የለወጠ መራጭ ካለ፣ የገዛ ቤቱን የሚያውቅ አባት ወይም እናት ለልጆቹ አሥር ጌም መርጦ ቢጨምር ስብስቡን አፈረሰ የምንልበት ምክንያት የለም። የእኔ ምክር አሥርን እንዳያልፍ ነው፤ ያ የተጨመረው ካለቀ በኋላ ሌላ አሥር።

«ታዲያ ለምን ራስፕቤሪ ፓይ የተባለውን ትንሽ ኮምፒውተር ገዝቶ አይገላገልም?» የሚሉም አሉ። ለሚችልበት ሰው መልካም ነው። ሚኒ ኮንሶል ግን ሳጥኑና ጆይስቲኩ ዋናውን መስሎ የተሠራ፣ ሰክተው የሚጫወቱት ዕቃ ነው፤ ሰው የከፈለበትም ለዚያ ነው።

የሚያሳዝነው ጌም በሕጋዊ መንገድ የሚጨመርበት በር አለመኖሩ ግዴታ አለመሆኑ ነው፤ ክፍት አድርገው የተዉት አምራቾች አሉና። በ2018 አውሮፓ ውስጥ የወጣው ዘ ሲ64 ሚኒ፣ የኮሞዶር 64 ትንሹ ምስል፣ 64 ጌሞች ይዞ መጣ፤ የገዛው ሰው ግን የራሱን ጌም በፍላሽ አምጥቶ ከጎኑ ሰክቶ ይጫወታል። አምራቹ የፈቀደው፣ በሶፍትዌር ማሻሻያም ያቀለለው አሠራር ነው። ይኸው ኩባንያ በ2022 የአሚጋን ትንሽ ምስል በ25 ጌሞች ሲያወጣም ያንኑ በር አብሮ ሠራ፤ በ2024 የአታሪ 400ን፣ ቀጥሎም የስፔክትረም ኮምፒውተርን ምስል አወጣ። በሩን መክፈቱ አልገደለውም። «የጌሞቹ ባለቤት ስላልሆነ ነው፤ የሚያጣው የለውም» የሚል መልስ ይሰጣል፤ እውነትነት አለው። ነገር ግን ኒንቴንዶና ሶኒ የጌሞቹ ባለቤቶች መሆናቸው በር ለመክፈት የበለጠ ምክንያት ነበር፤ እነሱ ከበሩ ላይ ቆመው ሊሸጡ ይችሉ ነበርና። 40 ኪሎባይት ፋይል በሁለት ዶላር ቢሸጡ፣ ማሽኑም ያንን ፋይል ከዩኤስቢ እንዲቀበል ቢያደርጉት፣ ገንዘቡ ወደ ባለመብቱ፣ ጌሙ ወደ ተጫዋቹ ይሄድ ነበር።

በዚህ ሁሉ መሀል ያለ ማመንታት የምቃወመው አንድ ነገር አለ። የሌሎችን ጌም በሺህ የሚቆጠር ጭኖ «5,000 ጌም ያለው» እያለ ሚኒ ኮንሶል የሚሸጥ ነጋዴ፣ የከፈተው የራሱን ሳጥን አይደለም፤ የሚሸጠውም ሳጥን አይደለም። የሚሸጠው የሌሎችን ድካም ነው፤ የገዛውም ሰው ምርጫ ሳይሆን ክምር ነው የሚያገኘው። በዘመድ በኩል ከውጭ አገር ዕቃ የሚያስመጣ ወላጅ እንዲህ ያለ ማስታወቂያ ሲያይ ይለፈው። ፋብሪካው እንደዘጋት ያለችውን ይግዛና እቤቱ፣ በራሱ እጅ፣ በገዛው ጌም ይክፈታት።

የራሳችሁን ለመክፈት የተዘጋጃችሁ አንባቢዎች ደግሞ ሀክቺ በመጀመሪያው እርምጃ የሚያወጣላችሁን የከርነል ቅጂ ኮምፒውተራችሁ ላይ ብቻ አትተዉት። ፍላሽ ላይም ቅዱት፣ ስም ጻፉበት፣ ከማሽኗ ካርቶን ጋር አስቀምጡት። አንድ ቀን ልጃችሁ ወይም የልጃችሁ ልጅ ማሽኗን እንደ መጀመሪያዋ ማድረግ ቢፈልግ የሚያስፈልገው ያ ፋይል ነው።